የኬፌዎስ ቤተሰብ ከጎጃም ሲታይ

ህዳር 21 ቀን፣ በጽዮን ማርያም ዕለት፣ ከምሽቱ 3 ሰዓት ላይ ደብረ ማርቆስም ሆነ ሞጣ፣ ቢቸናም ሆነ ፍኖተ ሰላም ፊታችሁን ወደ ሰሜን አዙራችሁ ቁሙ። ግሪኮች «የኢትዮጵያውያን ንጉሥ» የሚሉት ኬፌዎስ በግራ በኩል ዝቅ ብሎ ይታያል። ሚስቱ ካሲዮፔያ ፊት ለፊት፣ አማቹ ፐርሴዎስ በቀኝ፣ ልጁ አንድሮሜዳ ደግሞ ወደ አናታችሁ ተጠግታ አለች። ዞር ብላችሁ ወደ ደቡብ ብታዩ ልጅቱን ሊበላ የመጣውን አውሬ ታገኙታላችሁ። የእስክንድርያው የኮከብ ሊቅ በጥሊሞስ በ2ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ከመዘገባቸው 48 ኅብረ ከዋክብት ስድስቱ የዚህ የአንድ ተረት ናቸው፤ ስድስተኛው ክንፋሙ ፈረስ ፔጋሶስ ነው።

አስቸጋሪው ነገር መመሪያው ነው። በእጃችን የሚገቡት የኮከብ ካርታዎች በአብዛኛው ለአውሮፓና ለሰሜን አሜሪካ ሰማይ የተሠሩ ናቸው። «ወደ ላይ ተከተል» ያሉት እኛ ዘንድ ወደ ታች ይሆናል፣ «መቼም አይጠልቅም» ያሉት እኛ ዘንድ ይጠልቃል። ስለዚህ ብዙ ሰው ካርታውን ይዞ ወጥቶ ምንም ሳያገኝ ይገባል። ከዚህ በታች ያለው ለጎጃም ሰማይ፣ ከ10 እስከ 11 ዲግሪ ተኩል ሰሜን ላለ ሰው የተስተካከለ ነው።

መጀመሪያ ተረቱ። በአፖሎዶሮስ ስም በተላለፈው የተረት መድበል፣ ካሲዮፔያ «ከኔሬይዶች ሁሉ በውበት እበልጣለሁ» ብላ ተመካች። ኔሬይዶች የባሕሩ ሽማግሌ የኔሬዎስ 50 ሴቶች ልጆች ናቸው። በላቲን ጸሐፊው በሂጊኑስ ትረካ ግን የተመካችው በራሷ ሳይሆን በልጇ ነው። ልዩነቱ ቀላል አይደለም፤ በመጀመሪያው ትረካ እናት በራሷ ትዕቢት ልጇን ታስቀጣለች፣ በሁለተኛው ደግሞ ልጇን በማሞገስ ለሞት ትዳርጋታለች። ሁለተኛው ይበልጥ ያማል፤ የልጅ ውዳሴ ቡዳ ይጠራል ብሎ ለሚፈራ አገርም ይበልጥ ይገባል።

ኔሬይዶቹ ተቆጡ፤ የባሕሩ አምላክ ፖሲዶንም አብሯቸው ተቆጥቶ በአገሩ ላይ ጎርፍና ኬቶስ የተባለ የባሕር አውሬ ሰደደ። የአሞን መቅደስ ትንቢት «አንድሮሜዳ ለአውሬው ካልተሰጠች መከራው አይቆምም» አለ። ኬፌዎስ ወዶ አልሰጣትም፤ ያስገደደው ሕዝቡ ነው። ልጅቱን ከባሕር ዳር ቋጥኝ ጋር አሰሯት።

ፐርሴዎስ የደረሰው በዚህ ጊዜ ነው። የሜዱሳን ራስ ቆርጦ እየተመለሰ ነበር። ጎርጎን የሚባሉት ጭራቆች ሦስት እህትማማቾች ሲሆኑ ስቴኖና ኤውርያሌ የማይሞቱ፣ ሜዱሳ ብቻ ሟች ነበረች፤ እርሷን ፊት ለፊት ያየ ሰው ወደ ድንጋይ ይለወጣል። ፐርሴዎስ የያዘው መሣሪያ አንድ በአንድ ተቆጥሮ ተጽፏል፤ ክንፍ ያለው ጫማ፣ የሙታን አምላክ የሐዴስ መሰወሪያ ቆብ፣ ኪቢሲስ የተባለ እንደ አቁማዳ ያለ ከረጢት፣ ከሄርሜስ የተቀበለው ማጭድ፣ እንዲሁም የተወለወለ የነሐስ ጋሻ። ጋሻው ለመመከት አልነበረም። ሜዱሳን ያየው በጋሻው ላይ በወጣው ምስሏ ነው፤ አቴና የተባለችው የጥበብ አምላክ እጁን እየመራችው ቆረጠ። (ሄርሜስን የአማርኛ መጽሐፍ ቅዱስ አንባቢ ያውቀዋል፤ በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 14 የልስጥራ ሰዎች ጳውሎስን «ሄርሜን» ብለው የጠሩት በእርሱ ስም ነው። እዚያው ላይ «ድያ» የተባለው የአማልክቱ አለቃ ዜውስ ነው።)

እዚህ ላይ የሚዘለል ነገር አለ። ፐርሴዎስ አውሬውን ከመግደሉ በፊት ከኬፌዎስ ጋር ተዋዋለ፤ «ልጅህን ባድናት በሚስትነት ትሰጠኛለህ?» ብሎ አስምሎታል። ልጅቱ ግን አስቀድማ ለንጉሡ ወንድም ለፊኔዎስ ታጭታ ነበር። ስለዚህ አውሬው ከሞተ በኋላ ሁለተኛ ጠብ ተነሣ፤ ፊኔዎስ አሲሮ በመጣ ጊዜ ፐርሴዎስ የሜዱሳን ራስ ከአቁማዳው አውጥቶ እርሱንና ግብረ አበሮቹን ድንጋይ አደረጋቸው። አባት አንዲት ልጅ ለሁለት ሰው ቃል ሲገባ ምን እንደሚከተል ለጎጃም ሽማግሌ ማስረዳት አያስፈልግም። ባልና ሚስቱ ወደ ግሪክ ሲሄዱ የበኩር ልጃቸውን ፐርሴስን ከአያቱ ከኬፌዎስ ዘንድ ተዉት፤ የግሪኩ ታሪክ ጸሐፊ ሄሮዶቱስ የፋርስ ሰዎች ስማቸውን ያገኙት ከዚህ ልጅ ነው ይላል።

በፊልም ያዩት ሰዎች ሁለት ነገር ያምታታሉ። አውሬው «ክራከን» አይደለም፤ ክራከን የሰሜን አውሮፓ መርከበኞች ተረት ነው። ፐርሴዎስም አንድሮሜዳን ያዳነው በክንፋም ፈረስ ተቀምጦ አይደለም፤ የበረረው በጫማው ነው። ክንፋሙ ፈረስ ፔጋሶስ ሜዱሳ ስትቆረጥ ከአንገቷ ወጣ፤ የጋለበው ግን ቤሌሮፎን የሚባል ሌላ ጀግና ነው።

አሁን ወደ ሰማዩ እንውጣ።

ጊዜው ከጥቅምት አጋማሽ እስከ ጥር ነው። ክረምቱን መሞከር ድካም ነው፤ ከፐርሴዎስ አቅጣጫ የሚወረወሩት ተወርዋሪ ኮከቦች እንኳ የሚበዙት ነሐሴ 6 እና 7 ገደማ፣ ጎጃም በደመና በተሸፈነበት ሰሞን ነው። ጨረቃ የሌለችበትን ሌሊት ምረጡ፤ የጨረቃን ዕድሜ በባሕረ ሐሳብ የሚቆጥር ሰው በአቅራቢያችሁ ካለ ከእርሱ የተሻለ ምንጭ አያስፈልግም። ዓይን ጨለማውን እስኪለምድ ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ይፈልጋል። በመካከል አንድ ጊዜ የስልክ መብራት ካያችሁ ቆጠራው እንደገና ከዜሮ ይጀምራል። መብራት የግድ ካስፈለገ በቀይ ፌስታል ሁለትና ሦስት ጊዜ ጠቅልሉት። ጋቢ ያዙ፤ ምንጣፍ ወይም ቁርበትም አንጥፉ፤ ከምታዩት ግማሹ ከአናት በላይ ስለሆነ ቆሞ የሚያይ ሰው አንገቱ ቶሎ ይዝላል።

መለኪያው እጃችሁ ነው። ክንዳችሁን ሙሉ በሙሉ ዘርጉ፤ የተጨበጠ እጅ (ጡጫ) ስፋት 10 ዲግሪ ያህል፣ የተዘረጋ ስንዝር 20 ዲግሪ ያህል፣ አውራ ጣት 2 ዲግሪ ያህል ነው። ልጅ እጁም ክንዱም አጭር ስለሆነ ልኬቱ ለእርሱም ይሠራል። ክንድ ከታጠፈ ግን ይበላሻል፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው።

የሰሜን ኮከብ ከአድማስ በላይ ያለው ከፍታ ከቆማችሁበት ቦታ ኬክሮስ ጋር እኩል ነው። በደብረ ማርቆስ አንድ ጡጫ፣ በባሕር ዳር ከአንድ ጡጫ ጥቂት ከፍ ይላል፤ በግሪክ ከተማ በአቴና ግን ወደ አራት ጡጫ ይጠጋል። ስለዚህ እኛ ዘንድ በቀላሉ ይጋረዳል፤ ቁመቱ 20 ሜትር የሆነ ባሕር ዛፍ በ80 ሜትር ርቀት ላይ ካለ ኮከቡን ሙሉ በሙሉ ይሸፍነዋል። ለዚህ ከሁሉ የሚሻለው የባሕር ዳር ከተማ የጣና ዳርቻ ነው፤ ሐይቁ በስተሰሜን ስለሆነ አድማሱ ክፍት ነው። ከሌላ ቦታ የሰሜን ኮከብን ባታዩትም አትጨነቁ፤ ካሲዮፔያ ብቻዋን ትበቃለች።

እርሷን በአራት ጡጫ ከፍታ ፈልጉ። አምስት ብሩህ ኮከቦች ናቸው። የውጭ መጻሕፍት ቅርጿን ከላቲን ፊደል ጋር ያመሳስላሉ፤ ለእኛ የቀረበው ንጉሡ «ሠ» ነው፣ ለንግሥትም የሚገባ ፊደል ነው። ነገር ግን በህዳር ምሽት ከጎጃም ስትታይ «ሠ» ተገልብጦ ወደ «ጠ» ይጠጋል፤ ሦስቱ እግሮች ወደ ታች፣ ወደ ሰሜን ኮከብ ያመለክታሉ። ካርታው ላይ ያለውን «ሠ» እንደቆመ የሚፈልግ ሰው አያገኛትም፤ ካርታውን ገልብጦ መያዝ ነው።

ኮከቦች በየሌሊቱ 4 ደቂቃ ያህል ቀድመው ይወጣሉ፤ በ15 ቀን አንድ ሰዓት፣ በወር ሁለት ሰዓት ማለት ነው። በመስቀል ሰሞን ካሲዮፔያን በዚሁ ቦታ ለማግኘት ከሌሊቱ 7 ሰዓት አልፎ መጠበቅ ያስፈልጋል። ለገና ግን ገና ሲመሽ እዚያው ናት፣ ከዚያ ወደ ሰሜን ምዕራብ ታዘነብላለች። ከመጋቢት መጨረሻ ጀምሮ እስከ ክረምቱ አጋማሽ ከምሽቱ 3 ሰዓት ላይ ፈጽሞ አትታይም።

ይህ መጥለቋ ተረቱን ራሱን ይነካል። ካሲዮፔያ ስለ ትዕቢቷ የተፈረደባት በዙፋኗ ተቀምጣ በዋልታው ዙሪያ እየተገለበጠች እንድትዞር ነው። ዛሬ ከአቴና የሚያይ ሰው አምስቱ ኮከቦች መቼም ሲጠልቁ አያይም፤ ቅጣቱ ያለ እረፍት ነው። በ3ኛው መቶ ዓመት ቅድመ ክርስቶስ የነበረው ባለቅኔ አራጦስ ግን እንደ ጠላቂ ዋናተኛ በጭንቅላቷ ወደ ባሕር ስትወርድ ገልጿታል። እርሱም አልተሳሳተም። የምድር ዘንግ በ26,000 ዓመት ገደማ አንድ ዙር ስለሚዞር፣ በአራጦስ ዘመን ኮከቦቿ ከዋልታው ዛሬ ካሉበት 13 ዲግሪ ያህል ይርቁ ነበር፤ ስለዚህ ከግሪክ ሲታዩ በከፊል ይጠልቁ ነበር። ከጎጃም ግን በአራጦስ ዘመንም ዛሬም ትጠልቃለች፤ ዛሬ ከአድማስ በታች እስከ ሁለት ጡጫ ትወርዳለች። «የኢትዮጵያውያን ንግሥት» የተባለችው ሴት፣ ከኢትዮጵያ ስትታይ ከቅጣቷ ታርፋለች። ከዚህ ተረት ውስጥ ከሁሉ የምወደው ይህንን ነው፤ በየትኛውም የአውሮፓ መመሪያ ላይ ሊጻፍ አይችልም።

ኬፌዎስ ደብዛዛ ነው። አምስት ኮከቦቹ ጣሪያው የሾለ ጎጆ ይመስላሉ፤ የጣሪያው ጫፍ ሁልጊዜ ወደ ሰሜን ኮከብ ይጠቁማል። ዋልታው ከበታቹ ስለሆነ ከጎጃም ጎጆው ተገልብጦ ነው የሚታየው። በህዳር መጨረሻ ምሽት ዝቅ ብሎ በጎኑ ስለሚተኛ፣ እርሱን ለብቻ ለማየት ጥቅምት 4 ገደማ ከምሽቱ 3 ሰዓት ይሻላል፣ ሰማዩ ከጠራ። በዚህ ጎጆ አንድ ጥግ ላይ ዴልታ ሴፊ የተባለች ኮከብ አለች፤ በ5 ቀን ከ9 ሰዓት ገደማ ትደምቃለች፣ ትደበዝዛለች። ጆን ጉድሪክ በ1784 እ.ኤ.አ. ለይቷታል። መድመቋ ፈጣን ነው፣ አንድ ቀን ተኩል ያህል፤ መደብዘዟ ዘገምተኛ ነው። ዓይን ብቻውን ይበቃል፣ ግን በየሌሊቱ ከአጠገቧ ካሉት ሁለት ኮከቦች ጋር እያወዳደሩ መጻፍ ያስፈልጋል።

አንድሮሜዳን ለማግኘት ከፈረሱ ጀምሩ። በህዳር መጀመሪያ ምሽት ከአናታችሁ በላይ፣ ጎኑ አንድ ጡጫ ተኩል የሚሆን ባዶ አራት ማዕዘን አለ፤ የፔጋሶስ ሰውነት ነው። ከአራቱ ማዕዘን በሰሜን ምሥራቅ ያለችው አልፌራትዝ ትባላለች። ስሟ ከዐረብኛ የመጣ ሲሆን «የፈረስ እምብርት» ማለት ነው፤ «ፈረስ» ያው የእኛው ፈረስ ነው። የፈረሱ እምብርት የአንድሮሜዳ ራስ ናት። ከእርሷ ወደ ሰሜን ምሥራቅ አንድ ጡጫ ተኩል ሂዱ፤ ሚራክ። ከዚያ አንድ ጡጫ ጨምሩ፤ አልማክ። የታሰረችው ልጅ ከራስ እስከ እግር ይህቺው ናት።

ሚራክ ላይ ቁሙና ወደ ካሲዮፔያ ታጠፉ። መመሪያዎች «ወደ ላይ» ይላሉ፤ ወደ ሰሜን ዞሮ ለቆመ የጎጃም ሰው ግን ወደ ታች ነው። ሁለት ደብዛዛ ኮከቦችን ተራ በተራ እለፉ፤ ከሚራክ አንድ ጡጫ ሳይሞላ ከሁለተኛዋ አጠገብ እንደ ጭስ ጥፍጣፊ ያለ ነገር አለ። በቀጥታ ካፈጠጣችሁበት ይጠፋል፤ ዓይናችሁን ትንሽ ገለል አድርጋችሁ እዩት። የፋርሱ የኮከብ ሊቅ አል-ሱፊ በ964 እ.ኤ.አ. «ትንሽ ደመና» ብሎ መዝግቦታል። ደመና አይደለም። 2.5 ሚሊዮን የብርሃን ዓመት የሚርቅ የአንድሮሜዳ ጋላክሲ ነው፤ በዓይን ብቻ ከሚታዩት ነገሮች እጅግ ሩቅ ከሆኑት አንዱ ነው። ርቀቱ እንዴት ታወቀ ለሚል፣ መልሱ አባትየው ዘንድ ነው። ሄንሪዬታ ሌቪት በ1912 እ.ኤ.አ. እንደ ዴልታ ሴፊ ያሉ ኮከቦች የመለዋወጫ ጊዜያቸው በረዘመ ቁጥር እውነተኛ ድምቀታቸው እንደሚበልጥ አሳየች። ኤድዊን ሀብል በ1923 እ.ኤ.አ. እንዲህ ያለች ኮከብ በአንድሮሜዳ ውስጥ አግኝቶ ጋላክሲው ከእኛ የኮከብ ዓለም ውጭ መሆኑን አረጋገጠ። የልጅቱ ርቀት በአባቷ ኮከብ ተለካ።

ፐርሴዎስ በታኅሣሥ መጨረሻ ምሽት ከፍ ይላል። ዋናው ነገር አልጎል ናት፤ በእጁ የያዘው የሜዱሳ ራስ። ስሟ በዐረብኛ «ራስ አል-ጉል»፣ የጭራቅ ራስ ማለት ነው፤ «ራስ» አሁንም ያው የእኛው ቃል ነው። በየ2 ቀን ከ20 ሰዓት ከ49 ደቂቃ ትደበዝዛለች። ሁለት ኮከቦች እርስ በርስ ስለሚዞሩ ደብዛዛው ደማቋን ሲጋርዳት ነው፤ ይህንንም ማብራሪያ በ1783 እ.ኤ.አ. ያቀረበው ያው ጉድሪክ ነው። በሌላ ጊዜ ድምቀቷ ከአልማክ ጋር እኩል ነው ማለት ይቻላል። ግርዶሹ ሲበረታ ከብርሃኗ ሲሶ ያህል ብቻ ይቀራል። መውረዱ አምስት ሰዓት፣ መውጣቱ አምስት ሰዓት ያህል ይፈጃል። አንዴ ከሌሊቱ 7 ሰዓት ላይ ደብዝዛ ካገኛችኋት ከሦስት ሌሊት በኋላ ከምሽቱ 3 ሰዓት ከ49 ጠብቋት፤ በየሦስት ሌሊቱ 3 ሰዓት ከ11 ደቂቃ ትቀድማለች። አንድ ጊዜ ብቻ አይተው «አልተለወጠችም» የሚሉ ሰዎች ግርዶሹ ቀን ላይ ወይም ንጋት ላይ እንደሚውልባቸው አያስቡም። ቢያንስ ሁለት ሳምንት ያስፈልጋል።

ኬቶስ በደቡብ ነው፤ ጭራው ላይ ያለችው ዲፍዳ ስድስት ጡጫ ከፍ ትላለች። ሰፊ ነው፣ ብሩህ ኮከብ ግን ጥቂት ነው።

እንግዲህ «የኢትዮጵያውያን ንጉሥ» ሲባል የት ነው? አይቲዮጵያ በግሪክ «ፊቱ በፀሐይ የተቃጠለ» ከሚል የመጣ ነው። የግሪኩ ባለቅኔ ሆሜር የዓለም ጫፍ ላይ፣ ፀሐይ በምትወጣበትና በምትጠልቅበት ሁለት ወገን አድርጎ ያስቀምጣቸዋል። ዜውስ ከአማልክቱ ሁሉ ጋር ለግብዣ ወደ እነርሱ ሄዶ በ12ኛው ቀን ይመለሳል፤ ፖሲዶን የበሬና የበግ መሥዋዕት ሊቀበል በሄደበት ጊዜ ነው ሌሎቹ አማልክት ጀግናው ኦዲሴዎስ ወደ ቤቱ እንዲመለስ የመከሩት። ሄሮዶቱስ የኢትዮጵያውያን ዋና ከተማ ዛሬ ሱዳን ውስጥ ያለችው ሜሮዌ ናት ይላል፤ በሐዋርያት ሥራ 8 ያለችው ህንደኬም የሜሮዌ ንግሥት ናት። ወደ እኛ ደጋ ስሙ የመጣው ቆይቶ ነው፤ በ4ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የኢዛና ጽሑፍ በግዕዙ «ሐበሠት» (ሐበሻ) የሚለውን በግሪኩ «አይቲዮፔስ» ይለዋል። የአንድሮሜዳን ቋጥኝ ደግሞ ብዙዎች ዛሬ ያፋ በምትባለው በኢዮጴ ያስቀምጡታል፤ ዮሴፍ ወልደ ኮርዮን ተብሎ ከሚታወቀው ጋር ስሙ የሚምታታው አይሁዳዊው ታሪክ ጸሐፊ ፍላቪዮስ ዮሴፍ የሰንሰለቷ ምልክት እዚያ እንደሚታይ ጽፏል። ሮማዊው ጸሐፊ ፕሊኒም ስካውሩስ የተባለ የሮም ባለሥልጣን 40 ጫማ የሚረዝም የአውሬ አጥንት ከዚያ ወደ ሮም እንዳመጣ ይናገራል። ስለዚህ «አንድሮሜዳ የአክሱም ልጅ ናት፣ የጎጃም ልጅ ናት» ማለት አያስኬድም።

ጎጃምን በቀጥታ የሚነካው ሌላ ተረት ነው። ፋኤቶን የፀሐይ አምላክ የሄልዮስ ልጅ ነው፤ የእናቱ የክሊሜኔ ባል ሜሮፕስ የኢትዮጵያውያን ንጉሥ ነበር። የአባቱን ሠረገላ ለአንድ ቀን ለመንዳት ለምኖ ወሰደ፤ ፈረሶቹ አመለጡት፣ ምድርም ተቃጠለች። ሮማዊው ኦቪድ በዚያ ቀን አባይ ደንግጦ ወደ ዓለም ዳርቻ ሸሸ፣ ራሱንም ደበቀ፣ እስከ ዛሬም እንደተደበቀ ነው ይላል። የተደበቀው ራስ ለሰከላ ሰው ግሽ ዓባይ ነው፤ ጠበሉን የሚጠመቅበት፣ ከልጅነቱ የሚያውቀው ምንጭ።

ዜውስ ፋኤቶንን በመብረቅ መታው፣ ልጁም ኤሪዳኖስ በተባለ ወንዝ ውስጥ ወደቀ። ይህ ወንዝ በሰማይ አለ፤ በኤራቶስቴኔስ ስም የሚታወቀው የኮከብ ድርሳን ግን ይህ የሰማይ ወንዝ አባይ ነው፣ ከደቡብ የሚፈልቅ እርሱ ብቻ ነውና ይላል። በህዳር መጨረሻ ከምሽቱ 3 ሰዓት በምሥራቅ ኦሪዮን ከተባለው ኅብረ ኮከብ እግር፣ ከሪጌል ኮከብ አጠገብ ይጀምራል፤ በደብዛዛ ኮከቦች እየተጠማዘዘ ወደ ደቡብ ይወርዳል። መጨረሻው አኬርናር ናት፣ በዐረብኛ «የወንዝ መጨረሻ»። በጥሊሞስ ከእስክንድርያ ይህችን ኮከብ ማየት ስላልቻለ ወንዙን አካማር በምትባለው በሌላዋ ላይ ጨረሰው። ዛሬም ከአቴና አትታይም። ህዳር 30 ገደማ ከምሽቱ 3 ሰዓት ደጀን ከተማ ዳር ወጥታችሁ ወደ ደቡብ ብትቆሙ ግን፣ ከዓባይ በረሃ ወዲያ ማዶ፣ ከአድማሱ ሁለት ጡጫ ከፍ ብላ ብቻዋን ታበራለች።